«አጥፋው» ካሉ በኋላ

እትዬ፣ ትዕግሥቴ አልቆ ነው የምጽፍልዎ። ዶክመንተሪ እሠራለሁ፤ አሥራ አንድ ዓመት ሆነኝ። ዘመድ ሁሉ «አሁንም ቪዲዮ ላይ ነህ?» ይለኛል። እንጀራዬ ሰርግ ነው፤ ቅዳሜና እሑድ ሙሽራ እየቀረጽኩ የወሎ መመላለሻ ብድሬን እከፍልበታለሁ። ስፖንሰር ልጠይቅ ስገባ «ታሪክ ማን ያያል? ኮሜዲ ካለህ አምጣ» አሉኝ። ባለቤቴ ደግሞ ሰሞኑን ሃርድ ዲስኮቼን ከቁም ሳጥኑ አውጥታ የልጁን ልብስ ደረደረችበት። ዝም አልኩ። ምን እላታለሁ?

ፊልሙ ከ1966ቱ የወሎ ረሃብ የተረፉ ሰዎች እንዴት እንደኖሩ ነው። ቆቦ አካባቢ አንዲት እናት አሉ። ጠዋት የፈቃዱ ወረቀት ላይ አሻራቸውን አደረጉልኝ። ቡና ተፈላ፤ ስለ ሰርጋቸው፣ ስለ በሬያቸው አወሩኝ። በረካው ላይ «አጥፋው» አሉና መንገድ ላይ ትተውት ስለሄዱት ልጅ ነገሩኝ። (ሰው እንዳይረበሽ፣ ሲቀርጽ የምትበራውን የካሜራዬን ቀይ መብራት ሁልጊዜ በፕላስተር እሸፍናታለሁ፤ ሙያው ነው።) አሁን ገንዘብ የሚሰጥ የውጭ ድርጅት ተገኝቷል፤ ያንን ክፍል መክፈቻ አድርገው ይላሉ። ባለቤቴን እንዴት ላስረዳት? ደግሞ ወረቀቱ ስላለ ችግር የለውም አይደል?

ሰርግ ቀራጩ፣ ከአዲስ አበባ

ልጄ፣ ሚስትህን ተዋት፤ ቁም ሳጥኑ የልጁ ነው።

እኔን የያዘችኝ በቅንፍ ሸሽገህ ያለፍካት ፕላስተር ናት። እኒያ እናት መብራት አላዩም፤ አጠፋው ብለው አመኑህ። ሃምሳ ዓመት የያዙትን ያወጡት ቡናቸውን ለጠጣ ልጅ እንጂ ለካሜራ አይደለም። አሻራው የጠዋቱን ወሬ ይፈቅድልሃል። ከ«አጥፋው» በኋላ ያለውን ሰርቀኸዋል። ለስለስ ያለ ቃል ፈልጌ አጣሁ።

ጆናታን ዲምብልቢ የሚባለው እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ያንኑ ረሃብ ቀርጾ በጥቅምት 1966 በአገሩ አሳየ። መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ ደርግ ያንን ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር ቀጣጥሎ በቴሌቪዥን ለቀቀው። በማግስቱ ንጉሡን በቮልስዋገን ወሰዷቸው። ያ ፊልም በተነሳ ቁጥር እኔ ስለ ንጉሡ አላስብም። ፊታቸው ለዚያ ማታ እንደሚውል ከእነዚያ ርሃብተኞች ማን ተጠየቀ? አንተም ያንኑ ልትደግመው ነው፤ በእኒያ እናት ላይ።

ቆቦ ሂድ። ብቻቸውን ሲሆኑ የቀረጽከውን አሳያቸው፤ ልጆቻቸው ይወቁ አይወቁ አልነገርከኝም። «ሰርዘው» ካሉ እዚያው ፊታቸው ሰርዘው፤ ቅጂውንም። ገንዘቡ ይቅርብህ ማለቴ ነው? አዎ።

ደግሞስ በሬውን ለምን ናቅከው? የገበሬ ቤት የሚፈታው እኮ በሬው ገበያ የወጣ ቀን ነው። በስንት ሸጡት? ማን ገዛው? ያንን ጠይቀሃል? እኔ ብሆን ፊልሙን ከዚያ ነበር የምጀምረው።

ፕላስተሩን እዚሁ ላጠው። ስትሄድ ቡናና ስኳር ያዝላቸው።