ሠዓሊ ልሁን ወይስ የፊልም ኤዲተር?

ጤና ይስጥልኝ እትዬ፣

ቶኪዮ ውስጥ የአኒሜሽን ሙያ ትምህርት ቤት የመጨረሻ ዓመት ተማሪ ነኝ። ከአዲስ አበባ የወጣሁት ሠዓሊ እሆናለሁ ብዬ ነበር። እጄ ግን ቀርፋፋ ነው፤ ከክፍሌ ልጆች ብዙዎቹ ይበልጡኛል። በቅርቡ አንድ መምህሬ ትንሽ የኤዲቲንግ ቤት ውስጥ የረዳትነት ቦታ አገኘልኝ። ጓደኞቼ ሳቁብኝ። «አኒሜ እኮ ስቶሪቦርዱ (ፊልሙን በቅደም ተከተል የሚያሳየው ረቂቅ ሥዕል) ላይ ያለቀ ነገር ነው፤ ኤዲተሩ ማጣበቅ ብቻ ነው ሥራው» ይላሉ። እናቴ ደግሞ በስልክ «ታዲያ ስምሽ የት ይታያል?» አለችኝ። ልግባ ወይስ በሥዕሉ ልግፋበት?

ግራ የገባት፣ ከቶኪዮ

እህቴ፣

ጓደኞችሽ ግማሹን ልክ ናቸው። ዳይሬክተሩ የእያንዳንዱን ሾት፣ ማለትም ሳይቆረጥ የሚታየውን አንድ ቁራጭ፣ ርዝመት ስቶሪቦርዱ ላይ ይጽፈዋል። ሥዕል ውድ ስለሆነም ትርፍ አይሳልም። ተዋናይ ቆሞ በሚቀረጽበት ፊልም ኤዲተሩ ከብዙ ቅጂ ያማርጣል። እናንተ ጋ ያለው አንድ ነው።

ለኤዲተሩ የሚተርፈው ጊዜው ነው። አንድ ሴኮንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ነው። ልጅቷ ዞር ከማለቷ በፊት ያለችው ዝምታ ጥቂት ፍሬም ካጠረች ድንጋጤ፣ ከረዘመች ሐዘን ልትሆን ትችላለች። ይህን የሚወስነው ደግሞ ብዙ ጊዜ ሥዕሉ ሳያልቅ፣ ቀለም ያልነካው የእርሳስ መስመር እያየ ነው። የድምፅ ተዋንያኑም በአብዛኛው የሚመጡት ከእሱ በኋላ ነው፤ እሱ በተወላቸው ክፍተት ይናገራሉ።

ታኬሺ ሴያማ የሠራቸውን ፊልሞች ተመልከቺ። በፈረንጆቹ 1988 «ማይ ኔበር ቶቶሮ»፣ «ግሬቭ ኦቭ ዘ ፋየርፍላይስ» እና «አኪራ» ሲወጡ የሦስቱም ኤዲተር እሱ ነበር። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ለሕዝብ የቀረቡት በአንድ ቀን፣ ተከታትለው ነው። አንዱ የሕፃናት ደስታ፣ ሌላው በጦርነት ዘመን በረሃብ የሚያልቁ ወንድምና እህት! «አኪራ» ደግሞ ተገልብጦ የተሠራ ነው፤ ንግግሩ ቀድሞ ተቀርጾ ሥዕሉ ተከተለው። በኋላም ከ«ቶቶሮ» ዳይሬክተር ከሚያዛኪ ጋር «ስፒሪትድ አዌይ»ን (2001)፣ ከሳቶሺ ኮን ጋር «ፓፕሪካ»ን (2006) ሠራ። እነዚህ ዳይሬክተሮች በምንም አይመሳሰሉም። የሁሉንም አካሄድ መልመድ ማጣበቅ ከተባለ፣ ይባል።

ለእናትሽ ስምሽ ፊልሙ መጨረሻ ላይ እንደሚወጣ ንገሪያት። መቼም እንደ ሁላችንም ሳታነበው ተነሥታ ትሄዳለች።

እኔ ግቢ ባይ ነኝ። ጀማሪ ሠዓሊ እዚያ ብዙ ጊዜ የሚከፈለው በሣለው ሥዕል ብዛት ነው፤ በቀርፋፋ እጅ የቶኪዮን ኪራይ መክፈል ከባድ ነው። ግን ከመፈረምሽ በፊት ቋሚ ደሞዝ ይሁን በየሥራው የሚከፈል በግልጽ ጠይቂ፤ የሥራ ቪዛሽም በውሉ ላይ ይንጠለጠላል። የረዳት ቀን በአብዛኛው የሚያልፈው ፋይል በማደራጀትና የታረመ ሾት በአሮጌው ቦታ በመተካት ነው። ስለዚህ ዳይሬክተሩ መጥቶ ከኤዲተሩ ጋር ሲቆርጥ ክፍሉ ውስጥ ትቀመጪ እንደሆነም ጠይቂ። አይሆንም ካሉሽ መምህርሽን ሌላ ቤት እንዲፈልግልሽ ለምኚው።