ፍተሻው ሳያልቅ ቤቱ አትግቢ
እህቴ፣ «የሴክሽን 8 ቫውቸሬ ሊያልቅ ሁለት ሳምንት ቀርቶታል፤ አከራዩ ፍተሻው ሳይደረግ ግቢ ይለኛል፤ ልግባ ወይ?» ብለሽ ለጠየቅሽው መልሴ አጭር ነው፦ አትግቢ። እኔም እዚሁ አሜሪካ በዚሁ፣ መንግሥት የኪራዩን ከፊል በሚከፍልበት ድጎማ ነው የተከራየሁት፤ የአከራዮቹንም፣ ቫውቸሩን (የድጎማውን ወረቀት) የሚሰጠውን ጽሕፈት ቤትም ጠባይ አውቀዋለሁ።

1. ቤቱ ለመኖሪያ ብቁ መሆኑን የጽሕፈት ቤቱ ፈታሽ የሚያይበትን ፍተሻ ከማለፉ በፊት ለተቀመጥሽበት ጊዜ መንግሥት በአብዛኛው ኪራይ አይከፍልልሽም። አከራዩ «ግድ የለም፣ በኋላ ይተካካል» ይልሻል። አትመኚው፤ ሙሉ ኪራዩ አንቺው ላይ ሊቀር ይችላል።

2. ፍተሻውን አትናቂው። የእኔን ቤት መጀመሪያ የጣለው የጭስ ማስጠንቀቂያው ነው። ፈታሹ ቁልፉን ቢጫነው ዝም፤ ክዳኑን ቢከፍተው ባትሪ የለውም! አከራዬ ደግሞ አፍጥጦ እኔን ያያል፣ ባትሪውን የበላሁበት ይመስል። ስለዚህ ቀደም ብለሽ ራስሽ ዞረሽ እዪ፤ መስኮቱ መቆለፉን፣ ሶኬቱ ክዳን እንዳለው። ቤቱ እ.ኤ.አ. ከ1978 በፊት የተሠራ ከሆነና ከ6 ዓመት በታች ልጅ ካለሽ የተላላጠ ቀለምም ሊጥለው ይችላል።

3. አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። ቫውቸር ሲሰጥ ቤት የምትፈልጊበት ቢያንስ 60 ቀን አለው። የመረጥሽው ቤት እንዲጸድቅልሽ የሚጠይቀውን ቅጽ ካስገባሽበት ቀን አንሥቶ ግን በጽሑፍ መልስ እስኪሰጡሽ ድረስ ቆጠራው መቆም አለበት። የፌዴራል ደንብ ነው እንጂ የማንም ችሮታ አይደለም። እኔ በሄድኩበት ጽሕፈት ቤት መስኮቱ ላይ የተቀመጠችው ሴት ግን ቀና ብላ እንኳ ሳታየኝ «ቫውቸርሽ ጊዜው አልፏል» አለችኝ። የእኔ ወረቀት እነሱ ጠረጴዛ ላይ ተኝቶ የሚያልቀው የእኔ ጊዜ ነው? ቅጹን ሳስገባ ግን፣ ፊቷን እያጠቆረችም ቢሆን፣ ቅጂዬ ላይ የተቀበሉበትን ቀን ማኅተም አስመትቼ ነበር። እሱን በመስታወቱ ሥር አሾለክሁላት። ቀኑን አየችው፣ ተነሥታ ወደ ውስጥ ገባች፣ አለቃዋን አስከትላ ተመለሰች። ቀኔ ተመለሰልኝ። ይቅርታ የሚል ግን አልነበረም።

አንቺም ቅጹን ካላስገባሽ ነገውኑ አስገቢ፤ ያለ ማኅተም ከመስኮቱ አትነሺ። የጊዜ ማራዘሚያም የምትጠይቂ ከሆነ ቫውቸሩ ሳያልፍ በጽሑፍ ይሁን።

4. ያ አከራይሽ እንዲህ ካጣደፈሽ ነገ ደግሞ ከውሉ ውጭ በእጅ ጨምሪልኝ ማለቱ አይቀርም፤ የእኔው ብሎኛል። የተከለከለ ነው፤ ብትሰጪው ቫውቸሩን ልታጪ የምትችይው አንቺ ነሽ። የአንቺ ድርሻ በአብዛኛው ከተጣራው የወር ገቢሽ 30 በመቶ ገደማ ነው፤ አዲስ ቤት ስትገቢ ኪራዩ ከድጎማው ጣሪያ ቢበልጥ እንኳ ከ40 በመቶ ማለፍ አይፈቀድም። ማስያዣውን ግን ድጎማው ስለማይሸፍን ከአሁኑ አዘጋጂ።

አስተርጓሚም በነፃ እንዲያቀርቡልሽ ጠይቂ። ልጅሽን ከትምህርት ቤት አስቀርተሽ እንዳትወስጂ።