አባቴ የአስመራን ስም መስማት አይፈልግም

ውድ ጠያቂያችን፣

አባትዎ በአስመራ የሁለተኛው አብዮታዊ ሠራዊት ሃምሳ አለቃ እንደነበሩ፣ በግንቦት 1983 ከተማዋ ስትያዝ አስመራ ተወልደው ያደጉትን እናትዎንና ልጆቻቸውን ይዘው በከሰላ በኩል እንደወጡ፣ ከዚያም አዲስ አበባ ላይ በጥበቃ ሥራ እንዳሳደጓችሁ ጽፈዋል። በ2010 በረራው ሲከፈት እናትዎ ወንድማቸውን ለማየት ቢነሡ፣ አባትዎ «ከሄድሽ አትመለሺ» አሉ፤ በዓመቱ ወንድምየው ዐረፉ፤ ከዚያ ወዲህ ሁለቱ አይነጋገሩም። ጥፋቱ የማን እንደሆነ እንድፈርድ ጠይቀውኛል።

ጸቡ የጉዞ ጸብ ብቻ አይመስለኝም። ከ400,000 በላይ የነበረው ሠራዊት ሲበተን ወታደሩ ከደመወዙና ከመኖሪያው በተጨማሪ ማዕረጉን፣ የጓዶቹን መቃብርና «ለአገሬ ተዋጋሁ» ብሎ በአደባባይ የመናገር ድፍረቱን አጥቷል፤ «የደርግ ወታደር» መባል ለዓመታት እንደ ስድብ ሲቆጠር ኖሯልና። ሰው ሲሞት ድንኳን ይተከላል፣ ጎረቤት ይሰበሰባል፤ አባትዎን ግን ለቅሶ የደረሳቸው የለም። እናትዎ በበኩላቸው ከ1990ው ጦርነት በኋላ ስልኩ ተቋርጦ ለ20 ዓመታት ወንድማቸው ይኑሩ ይሙቱ ሳያውቁ ቆይተዋል። አሜሪካዊቷ ተመራማሪ ፓውሊን ቦስ በቬትናም ጦርነት ደብዛቸው የጠፋ ወታደሮችን ቤተሰቦች አጥንተው እንዳስረዱት፣ እንዲህ ያለው እርግጡ ያልታወቀ እጦት ማልቀስም መጽናናትም ይከለክላል።

የአባትዎን ቃል ሚስታቸውም በዚያች ከተማ እንዳትቀርባቸው ከመፍራት የመጣ አድርጌ አነበዋለሁ። ትክክል ነበሩ ማለቴ ግን አይደለም፤ እናትዎ ወንድማቸውን ሳይቀብሩ ቀርተዋል፣ ይህም ይቅርታ የሚጠየቅበት በደል ነው።

ሁለቱን በአንድ ጊዜ ለማስታረቅ አይቸኩሉ። አስቀድመው አባትዎን ለብቻቸው ሲያገኙ ስለ ሽንፈቱ ሳይሆን አብረዋቸው ስለነበሩት ሰዎች ይጠይቋቸው፤ «ያለፈው አለፈ» የሚለውን ቃል ከአፍዎ ያርቁ። እናትዎ ከፈቀዱ፣ እንደ እምነታችሁ ሥርዓት የአጎትዎን መታሰቢያ በቤታችሁ አዘጋጁና አባትዎ እንግዳ ተቀባይ እንዲሆኑ ለምኗቸው። እምቢ ቢሉም መታሰቢያው አይቅር።

አባትዎ ሌሊት እየጮሁ እንደሚነቁ የጻፉት የቆየ የጦርነት ሕመም ሊሆን ስለሚችል፣ በአማኑኤል ሆስፒታል ወይም በአቅራቢያችሁ ባለ የአእምሮ ሐኪም ዘንድ ይታዩ። እርስዎም የአንዱን ወቀሳ ለሌላው ማድረስዎን ከዛሬ ጀምሮ ያቁሙ፤ እናትዎ «ለአባትሽ ንገሪልኝ» ሲሉዎት «እማዬ፣ አንቺው ንገሪው» ብለው በአክብሮት ይመልሱ።