ሐኪሙ የለም፣ ሜዳ ሄዷል

ጥያቄ፦ የ17 ዓመት ልጅ አለኝ። ሐኪም መሆን ይፈልጋል፤ ከሜዳም አይጠፋም። አባቱ «አንዱን ምረጥ» ይለዋል። እሱ ደግሞ «እንግሊዝ አገር ሳይንስ ተምረው ክሪኬትን በትልቅ ውድድር የተጫወቱ አሉ» ብሎ ይሟገታል። እውነቱን ነው ወይስ እያሞኘን ነው?
የሁለት ልጆች እናት

መልስ፦ እህቴ፣ አላሞኛችሁም። ታሪኩን እስከ መጨረሻው የነገራችሁ ግን አይመስለኝም።

እኔ ዕድሜዬን ላቦራቶሪ ውስጥ የጨረስኩ ሰው ነኝ። ክሪኬትን፣ አንዱ ኳስ ሲወረውር ሌላው በእንጨት ዱላ የሚመታበትን ጨዋታ፣ ያስለመደኝ አንድ የሥራ ባልደረባዬ ነው። መጀመሪያ አብሬው ሳይ ሦስት ሰዓት ቁጭ ብዬ ማን እየመራ እንደሆነ እንኳ አልገባኝም። ብጠይቀው «ቆይ እንጂ፣ ገና አራት ቀን ይቀራል» አለኝ። ይሄ ነገር ለልጅዎ ጥያቄ ቁም ነገር ነው። ክሪኬት ዘጠና ደቂቃ ተጫውተው ወደ ሥራ የሚመለሱበት ጨዋታ አይደለም። ቀን ይበላል።

ሳይንስ የሚለውን ቃል አጥብቀን ከያዝን ኢሳ ጉሃ አለችልዎት። ለንደን በሚገኘው ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ባዮኬሚስትሪና ሞለኪውላር ባዮሎጂ ተምራለች፤ ቀጥላም የነርቭ ሳይንስ አጥንታለች። ለእንግሊዝ ሴቶች ብሔራዊ ቡድን ኳስ ወርዋሪ ነበረች፤ በ2009 የዓለም ዋንጫ አንስታለች። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው።) ዛሬ የምናውቃት ግን በጨዋታ ዘጋቢነቷ ነው።

ሐኪም መሆን ለሚፈልግ ልጅ የሚሆነው ግን ሐኪምም የክሪኬት ተጫዋችም የነበረው እንግሊዛዊው ዶክተር ዊልያም ጊልበርት ግሬስ ነው። ሐኪም ሳይንቲስት ነው አይደለም የሚለውን ክርክር ለሌላ ቀን እንተወው።

ግሬስ በ1848 ብሪስቶል አጠገብ ዳውንኤንድ በምትባል መንደር ተወለደ። አባቱ ሐኪም፣ ሦስት ታላላቅ ወንድሞቹም ሐኪሞች። ቤተሰቡ በሙሉ ደግሞ በክሪኬት ያበደ። በ1868፣ በ20 ዓመቱ፣ ብሪስቶል የሕክምና ትምህርት ቤት ገባ። የተመረቀው መቼ ይመስልዎታል? በ1879። አሥራ አንድ ዓመት!

ሰነፍ ስለነበረ አይደለም። በነሐሴ 1876 ምን ሲሠራ እንደነበር ልንገርዎ። በስምንት ቀን ውስጥ በሦስት ጨዋታ 344፣ 177 እና 318 ነጥብ አስቆጠረ። አንድ ሰው በአንድ ዙር 100 ካስቆጠረ ተመልካቹ ብድግ ብሎ የሚያጨበጭብበት ጨዋታ ነው እንግዲህ። ከዚያ በፊት በአንደኛ ደረጃ (በከፍተኛው እርከን) ውድድር 300 የደረሰ ሰው አልነበረም፤ እሱ በአንድ ሳምንት ሁለቴ ደረሰበት። ያኔ ታዲያ የ28 ዓመት የሕክምና ተማሪ ነው። መጽሐፉን መቼ ይግለጠው?

ከተመረቀ በኋላ ብሪስቶል ውስጥ ስቴፕልተን ሮድ ላይ ክሊኒክ ከፈተ። ሠፈሩ የድሃ ሠፈር ነበር። በብርዱ ወራት በሽተኛ ያያል። ሙቀቱ ሲገባ ደግሞ የክሪኬት ወቅት ነው፤ በእሱ ቦታ ሌላ ሐኪም ተተክቶ ይሠራል። የልጅዎ አባት «አንዱን ምረጥ» ማለታቸው ለዚህ ከሆነ እውነት አላቸው። ግሬስም ሁለቱን ሥራ ለብቻው አልሠራም። ተተኪ ሐኪም ደግሞ በነፃ አይመጣም።

ገንዘቡስ ከየት? እዚህ ላይ ትንሽ ላማ። ግሬስ በስሙ አማተር ነበር፤ ማለትም ለፍቅር እንጂ ለደሞዝ አይጫወትም የሚባል ጨዋ ሰው። በ1873 መጨረሻ አውስትራሊያ ሲሄድ ግን (አዲስ ሙሽራ ስለነበር ሚስቱን አግነስን ይዞ) 1,500 ፓውንድ ተከፈለው። ደሞዝተኛ የሚባሉት የቡድን ጓደኞቹ ያገኙት እያንዳንዳቸው 170 ነው። በ1891 እንደገና ሲሄድ ዋጋው 3,000 ደረሰ። በተመረቀበት ዓመትም ወዳጆቹ ከ1,400 ፓውንድ በላይ አዋጥተው ሰጥተውታል። ከደሞዝተኛው በላይ የሚያገኝ አማተር! እኔ በበኩሌ ይሄ ነገሩ አልተዋጠልኝም።

አንድ ቀን ግን ሁለቱ ሥራ በአንድ ላይ ገጠሙት። 1887፣ ማንቸስተር፣ ኦልድ ትራፎርድ ሜዳ። ክሩም የተባለ የቡድን ጓደኛው ኳስ ሊያስቀር ሲሮጥ ከሜዳው ዳር አጥር ጋር ተጋጨ። የብረቱ ሹል ጫፍ አንገቱ ውስጥ ገባ። ግሬስ ደረሰለት። የተቀደደውን ሥጋ ከሁለት በኩል በጣቶቹ ገጥሞ ያዘ። መስፊያ መርፌ የለም፤ ሰው ተልኮ እስኪያመጣ ግማሽ ሰዓት ያህል ፈጀ። ያን ሁሉ ጊዜ እጁን ሳያንቀሳቅስ እንደያዘ ቆየ። እርስዎ አንድ ብርጭቆ ለአምስት ደቂቃ እጅዎን ዘርግተው ይያዙና ይሞክሩት። ክሩም ዳነ፤ በኋላም ስለ ክሪኬት የሚጽፍ ጋዜጠኛ ሆነ።

ክሪኬቱን በተመለከተ፣ በ1895፣ 47 ሊሞላው ሁለት ወር ሲቀረው፣ በግንቦት ወር ብቻ 1,000 ነጥብ ሞላ። ከአራት ዓመት በኋላ ብሪስቶልን ለቆ ለንደን ገባ፤ የሕክምናውም ሥራ በዚያው አበቃ። ክሪኬቱ ግን አላበቃም።

እንግዲህ ልጅዎን ሁለት ነገር ይጠይቁልኝ። አሥራ አንድ ዓመት ለመማር ተዘጋጅቷል? እሱ ሜዳ ሲሆን በሽተኛውን የሚያይለት ሰው ማን ይከፍለዋል? መልሱን ይጻፉልኝ። ደግሞ ከሜዳ አይጠፋም አሉኝ እንጂ ምን እንደሚጫወት አልነገሩኝም። ሩጫ ከሆነ ነገሩ ሌላ ነው፤ ቢያንስ ቶሎ ያልቃል።