ሳንቲሙ የትም አልሄደም፤ የታፈነው ጥያቄው ነው

ጥያቄ፦ «የምጽፈው ከፍኖተ ሰላም ነው። ኦልድ ስኩል ሩንስኬፕ በሚባለው የኢንተርኔት ጨዋታ ላይ ሁለት ካራክተር አለኝ፤ ሁለቱም ነጻ አካውንት ናቸው፣ የአዲሱ አጠቃላይ ደረጃ 140 ነው። ከአሮጌው ወደ አዲሱ 3 ሚሊዮን ሳንቲም ለማሻገር አንዱን በእኔ ስልክ፣ ሌላውን በእህቴ ስልክ ከፍቼ ጎን ለጎን አቆምኳቸው። ከአሮጌው ትሬድ (ልውውጥ) ስጠይቅ ‹ሴንዲንግ ትሬድ ኦፈር› ይላል፣ አዲሱ ላይ ግን ምንም አይመጣም። አንድ ቀን ከአዲሱ በኩል ስጠይቅ መስኮቱ ተከፍቶ ነበር፤ ቁጥር ስጽፍ ተዘጋብኝ። ጓደኛዬ በጨዋታው የጋራ ገበያ፣ በግራንድ ኤክስቼንጅ ሞከረልኝ፣ አልሆነም። መሬት ላይ ጣልና አንሳው አለኝ፤ 200 ሺህ ስጥል መብራት ሄዶ ዋይፋዩ ጠፋ፣ ስመለስ ሳንቲሙ የለም። አሁን ደግሞ የይለፍ ቃልህን ስጠኝና እኔ ልጨርሰው ይለኛል። ምን ላድርግ?»

መልስ፦ የይለፍ ቃሉን አትስጠው። ጓደኛህ ክፉ ነው ማለቴ አይደለም፤ አካውንት ለሌላ ሰው መስጠት በጨዋታው ሕግ ክልክል ነው፣ ደግሞም እስካሁን የነካካው ሁሉ ተበላሽቷል። ሳንቲም ደግሞ ከዛሬ ጀምሮ መሬት ላይ አይጣልም። ይህን እደግመዋለሁ።

ነገሩን የገለጠው «ከአዲሱ በኩል ስጠይቅ ተከፈተ» ያልከው ነው። ኔትወርኩ ወይም አካውንቱ ችግር ቢኖርበት ኖሮ በየትኛውም በኩል አይከፈትም ነበር። አይረንማን የሚባለው ዓይነት ካራክተርም አይደለም፤ እሱ ከራስህ ሌላ ካራክተር ጋር እንኳ አይገበያይም። እንግዲህ አሮጌው ጥያቄ ይላክለታል፣ ያያልም። አዲሱ መላክ ይችላል፣ የሚመጣለትን ግን አያይም። ይህ የቻት ሳጥኑ የትሬድ ማጣሪያ ነው፤ አዲሱ ላይ ወይ ተዘግቷል ወይ «ጓደኞች ብቻ» ላይ ተቀምጧል። ሌላ ቦታ አትፈልግ።

በእህትህ ስልክ ላይ የቻት ሳጥኑን ክፈተው። ስልክ ላይ ብዙ ጊዜ ታጥፎ ነው የሚቀመጠው፣ ሰውም እሱን ሳይከፍት «አልመጣም» ይላል። ከታች በኩል ከተደረደሩት ቁልፎች ውስጥ «ትሬድ» የሚለውን በጣትህ ተጭነህ ቆይ፤ ምርጫ ሲወጣ «ሾው ኦል» (ሁሉንም አሳይ) በል። ከዚያ ከአሮጌው እንደገና ጠይቅ። ሐምራዊ ጽሑፍ፣ የአሮጌው ስም ከፊት ሆኖ «ዊሽስ ቱ ትሬድ ዊዝ ዩ» ብሎ ይመጣል፤ እሱን መንካት ነው። ጽሑፉ አሁንም ካልመጣ አዲሱ ላይ ሆነህ የአሮጌውን አካል ተጭነህ ቆይና «ትሬድ ዊዝ» በል፤ ሁለቱም እርስ በርስ ከተጠያየቁ መስኮቱ ራሱ ይከፈታል።

መስኮቱ ቁጥር ስትጽፍ የተዘጋው ሌላ ጉዳይ ነው። ሁለት ነገር እጠረጥራለሁ። አንደኛው ጣት ነው፦ መስኮቱ ክፍት እያለ ካራክተሩን ወደ ሌላ ቦታ ካራመድከው ትሬዱ ይሰረዛል፤ ትንሽ ስክሪን ላይ የቁጥር ሰሌዳው ሲወጣ ጣት ስቶ ሜዳውን መንካት ቀላል ነው። ሁለተኛው ግንኙነቱ ነው። መብራት ሲሄድ ሁለቱን ስልክ በአንድ ሲም ሆትስፖት የምታገናኝ ከሆነ፣ ሆትስፖት የሚሰጠው ስልክ ላይ ጥሪ ሲገባ ብዙ ስልክ ዳታውን ያንጠለጥለዋል። ሥራውን እስክትጨርስ ሁለቱንም በየራሳቸው ዳታ አድርጋቸው፤ ጨዋታው ቀላል ነው፣ ብዙ ዳታ አይበላም። በመንገድ ዳር የሚሸጠውን ቀጭን የቻርጀር ገመድ ደግሞ ተወው። ስልኩ ላይ «ቻርጅ እያደረገ ነው» እያለ ባትሪው ወደ ታች የሚወርድበት ገመድ ገመድ አይባልም፤ ሲነቀነቅ ይቋረጣል፣ ስልኩ መሃል ላይ ይጠፋል፣ ሰውም ጨዋታውን ይረግማል።

መስኮቱ ቢዘጋ ግን አትደንግጥ። ትሬድ ሁለት ስክሪን አለው፤ ሁለቱም ወገን በሁለቱም ላይ «አክሰፕት» እስካላሉ ድረስ ሳንቲሙ ከባለቤቱ ቦርሳ አልወጣም። መብራት ቢሄድ፣ ስልክ ቢጠፋ፣ ሳንቲሙ እዚያው ነው። መሬት ላይ የተጣለ ሳንቲም ግን ባለቤት የለውም። ለ1 ደቂቃ ለጣለው ብቻ ይታያል፣ ከዚያ ለሁሉም ይታያል፣ ማንም አላፊ ካላነሳው ደግሞ ብዙም ሳይቆይ ይጠፋል። አስበው፦ የራስህ አዲስ ካራክተር እንኳ ሳንቲሙን የሚያየው እንግዳውም በሚያይበት ሰዓት ነው። የ200 ሺህህ ነገር በዚህ አለቀ፤ የጨዋታው ባለቤት ጃጌክስ የጠፋ ዕቃ አይመልስም፣ በመጻፍ አትድከም።

አሁን ወደ ሥራው። ሁለቱንም አንድ ወርልድ (የጨዋታው ሰርቨር) ላይ አግባ፤ ቁጥሩን አይተህ አረጋግጥ፣ «ነጻ ወርልድ» ማለት ብቻውን አይበቃም፣ ነጻ ወርልዶች ብዙ ናቸው። ፒቪፒ (ተጫዋች ተጫዋችን የሚገድልበት) የተባለ ወርልድ አትምረጥ፤ እዚያ ከተማ ውስጥም ትገደላለህ። 301ንም ተወው፣ የነጻ ተጫዋቾች የገበያ ወርልድ ስለሆነ ሰው ይረግጥሃል። ጭር ያለ ወርልድ ፈልገህ ቫሮክ ከተማ ምሥራቁ ባንክ አጠገብ ቁም። ግራንድ ኤክስቼንጅ በራፍ ላይ አትቁም፤ በዚያ ግርግር መሃል የአንተን ስም የሚመስል ስም ይዞ ትሬድ የሚልክ አይጠፋም።

ሳንቲሙን ከባንክ አውጣ። የአዲሱ ቦርሳ 28 ቦታ አለው፤ አንድ ባዶ ቦታ ይበቃል፣ ሳንቲም ይቆለላል። ትሬዱ ሲከፈት ሳንቲሙን ተጭነህ ቆይ፣ «ኦፈር ኤክስ» በል። ዜሮ አትቁጠር፤ «3ኤም» ብሎ በላቲን ፊደል መጻፍ ይበቃል፣ ኤም ሚሊዮን ነው፣ ኬ ሺህ ነው። ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፣ ኬ ጽፎ 3 ሺህ ይልካል። ቀለሙን እይ፦ እስከ 99,999 ቢጫ፣ ከ100 ሺህ እስከ 10 ሚሊዮን ሊሞላ ድረስ ነጭ፣ ከ10 ሚሊዮን ጀምሮ አረንጓዴ። ያንተ 3 ሚሊዮን ነጭ መሆን አለበት። ቢጫ ከሆነ አንሶብሃል፣ አረንጓዴ ከሆነ በዝቶብሃል። በመጀመሪያው ዙር 1 ሺህ ብቻ ልከህ መንገዱን ሞክር፤ ከሠራ ቀሪውን ላክ።

የግራንድ ኤክስቼንጁ ብልሃት ለምን እንዳልሠራም ልንገርህ። ጓደኛህ ያሰበው ይሄን ይመስለኛል፦ አንድ ርካሽ ዕቃ በአዲሱ በኩል በ3 ሚሊዮን ለሽያጭ ያቀርባል፣ አሮጌው ይገዛዋል። ገበያው ግን ሻጭና ገዢን በስም አያገናኝም። ገዢ ሲመጣ በመጀመሪያ ርካሹን ሻጭ ነው የሚሰጠው፤ አሮጌህ ዕቃውን ከማያውቀው ሰው በጥቂት ሳንቲም ገዝቶ ተመለሰ፣ የአዲሱ ሽያጭ ደግሞ እንደተንጠለጠለ ቀረ። ከዚህ የከፋው ዕቃው ገበያ ላይ ሳይኖር አስቀድሞ በ3 ሚሊዮን «እገዛለሁ» ማለት ነው፤ ቀድሞ የመጣ ሻጭ ሳንቲምህን ሙልጭ አድርጎ ይወስዳል። ተሳክቶልህ ቢሆን እንኳ ከሻጩ ላይ 2 በመቶ ግብር ይቆረጣል። ለራስህ ገንዘብ ከአንድ ኪስ ወደ ሌላ ኪስ ስታዛውር ግብር መክፈል ምን የሚሉት ነው?

እግረ መንገዴን፣ አንተን ገና የማይመለከትህን አንድ ነገር ላንሳ። ሳንቲም በአንድ ቁልል ከ2,147,483,647 አይበልጥም። ቁጥሩ ለምን እንዲህ ዝብርቅርቅ ያለ ሆነ? ኮምፒውተሩ ያንን ቁልል የሚጽፍበት ቦታ 32 ሳጥን ብቻ ያለው ነው፤ በእያንዳንዱ ሳጥን 0 ወይም 1 ይቀመጣል። አንዷ ሳጥን «ትርፍ ነው ወይስ ዕዳ» ለማለት ትያዛለች፣ ለመቁጠሪያ 31 ይቀራሉ። የመጀመሪያዋ ሳጥን 1 ትይዛለች፣ ቀጣይዋ 2፣ ከዚያ 4፣ 8፣ 16 እያለ ይታጠፋል። በጤፍ አስበው። አንድ ፍሬ፣ ከዚያ ሁለት፣ ከዚያ አራት፤ እስከ አስረኛዋ ሳጥን ድረስ ጠቅላላው 1,023 ፍሬ ነው፣ በሁለት ጣት ቆንጥረህ የምታነሳው። ሃያኛዋ ላይ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ይሆናል፣ ያም ሲመዘን ገና 300 ግራም ገደማ ነው። 31ኛዋ ስትሞላ ግን ከ6 ኩንታል በላይ የቢቸና ጤፍ ግቢህ ላይ ተከምሯል። ከዚያ በኋላ አንዲት ፍሬ ብትጨምር የምትገባበት ሳጥን የለም። ስለዚህ ተቀባዩ ቁልሉ ሊሞላ ከተቃረበ፣ ቦርሳው ባዶ ሆኖ እንኳ ጨዋታው «ቦታ የለውም» ይላል፤ ሰው ግራ ይጋባል። መድኃኒቱ ፕላቲነም ቶክን ነው፦ ሳንቲሙን ባንኩ መስኮት ላይ ተጠቀምበት፣ 1 ቶክን 1,000 ሳንቲም ነው፣ ቶክኑን ትሬድ አድርግና በዚያኛው በኩል ቁልሉ ሲቀንስ መልሰህ መንዝር።

ሌላ ጌም የሚጫወት ካለ ደግሞ ይህ ሁሉ ጣጣ የለበትም። ወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት ላይ አንድ አካውንት፣ አንድ ሰርቨር ከሆነ በፖስታ ሳጥን ወርቅ ለራስህ ካራክተር ትልካለህ፣ ወዲያው ይደርሳል፤ ከ2024 ወዲህ ደግሞ የጋራ ባንክ መጥቷል። ሩንስኬፕ ላይ እንዲህ ያለ ፖስታ የለም፣ ሁለቱ ፊት ለፊት መቆም አለባቸው። ለዚያም ነው ሁለት ስልክ ያስፈለገህ።

አዲስ ነጻ አካውንት ላይ የንግድ ገደብ አለ፤ ከሚነሳባቸው መስፈርቶች ውስጥ 10 የክዌስት (የተልእኮ) ነጥብና 100 አጠቃላይ ደረጃ ይገኙበታል። ያንተ 140 ነው፣ ደረጃውን አልፈሃል፤ የክዌስት ነጥቡን ብቻ አንዴ እየው። «ይህን ገደብ ያነሳል» እየተባለ በቴሌግራም የሚዞር የተነካካ የጨዋታ ፋይል ስልክህ ላይ ካለ ዛሬውኑ አጥፋው፣ የይለፍ ቃልህንም ቀይር። ጨዋታው ከፕሌይ ስቶር በነጻ ይገኛል፤ ለነጻ ነገር የተሰረቀ ፋይል መፈለግ አይገባኝም።

ሥራውን ስትጨርስ በሁለቱም ካራክተር ላይ ባለ 4 አሃዝ የባንክ ፒን አድርግ፤ ያንን ቁጥር ጓደኛህም እህትህም አይወቁት። ማጣሪያውን «ሾው ኦል» አድርገህም ሐምራዊው ጽሑፍ ካልመጣ፣ አሮጌውን አዲሱ ላይ ኢግኖር ዝርዝር (መልእክታቸው እንዳይታይህ የዘጋሃቸው ሰዎች) ውስጥ አግብተኸው እንደሆነ ተመልከት። ያም ካልሆነ የሁለቱንም ስልክ የቻት ሳጥን ፎቶ፣ የወርልዱ ቁጥር እንዲታይ አድርገህ ላክልኝ። እስከዚያው ሳንቲሙ ባንክ ይቀመጥ፤ መሬት ላይ አይወርድም።