ዜማው የሮን፣ ድምፁ የዴሊያ

ለፊልምና ለቴሌቪዥን ሙዚቃ መሥራት ለጀመራችሁ ወጣቶች፣

አንዳንዶቻችሁ ሥራችሁን እንዳዳምጥ ስትልኩልኝ፣ ከዜማው ሥር የማገኘው አንድ ስም ብቻ ነው። መሰንቆውን የተጫወተው ሰው አልተጠቀሰም፤ ሌሊቱን ሙሉ ኮምፒውተር ላይ ተቀምጦ ድምፁን ያጠራው ጓደኛም አልተጠቀሰም። ስጠይቅ የሚሰጠኝ መልስ ያው ነው፦ «እሱ እኮ ወንድሜ ነው፣ አይከፋውም»። ዕድሜዬን በቀረጻ ክፍል ያሳለፍሁ ሰው ነኝና ይህ «አይከፋውም» የት እንደሚያደርስ አውቃለሁ። የአገራችንን ሰው ስም እየጠራሁ ከማስቀይም ግን የሩቅ ሰው ታሪክ ልንገራችሁ። ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የፊልምና የቴሌቪዥን ዜማ ደራሲው ሮን ግሬይነር በ1922 በአውስትራሊያ፣ ኩዊንስላንድ ውስጥ አተርተን በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። በልጅነቱ ቫዮሊንና ፒያኖ ተማረ፤ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ እግሩ ክፉኛ ተጎዳ፤ በ1952 ወደ እንግሊዝ ተሻገረ። መጀመሪያ ላይ በመድረክ ትርኢቶች ፒያኖ እየተጫወተና ሌሎች ሲለማመዱ እያጀበ ኖረ። ስለዚያ ዘመኑ ብዙ አልልም፤ አሁን እናንተ ያላችሁበት ስለሆነ ከእኔ የተሻለ ታውቁታላችሁ።

በሩን የከፈተለት ቴሌቪዥን ነው። በ1955 በብሪታንያ የንግድ ቴሌቪዥን ሲጀመር ቢቢሲ ብቻውን የነበረበት ዘመን አበቃ። ተመልካቹ አማራጭ ሲያገኝ፣ ከወጥ ቤት ጠርቶ ከቴሌቪዥኑ ፊት የሚያስቀምጠው የመክፈቻ ዜማ ዋጋው ከፍ አለ። ግሬይነር ለዚህ ሥራ የተፈጠረ ሰው ነበር። በ1960 ለጀመረው «ሜግሬ» ለተባለው የፓሪስ መርማሪ ፖሊስ ድራማ ፒያኖ መሰሉን የጥንት መሣሪያ ሃርፕሲኮርድንና ባለ ክሩን ባንጆ አጣመረ። በ1962 ደግሞ «ስቴፕቶ ኤንድ ሰን» መጣ፤ በፈረስ ጋሪ እየዞሩ አሮጌ ዕቃ የሚሰበስቡ፣ እኛ ቆራሌው የምንላቸው ዓይነት፣ የአባትና የልጅ ታሪክ ነው። አስቂኝ ድራማ ስለሆነ ሌላ ሰው ቢሆን የሚያስቅ ሙዚቃ ይጽፍለት ነበር። ግሬይነር ፈረሱን ጻፈ፤ ዜማው በደከመ ፈረስ እርምጃ ይሄዳል። ሳቁን ተዋንያኑ ይጨርሱታል። የሙዚቀኛው ድርሻ ታሪኩ የቆመበትን አንድ ነገር ፈልጎ ማግኘት ነው፤ እናንተ ደግሞ ስታዝኑም ስትስቁም ያንኑ የቫዮሊን ድምፅ ከኮምፒውተር እያወጣችሁ ታፈሱበታላችሁ።

ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። በ1963 ቢቢሲ በጊዜ ውስጥ ስለሚጓዝ ሰው «ዶክተር ሁ» የተባለ ተከታታይ ድራማ ሲያዘጋጅ የመክፈቻውን ዜማ ግሬይነር እንዲጽፍ ጠየቀው። የጻፈው ጥቂት ነበር፦ የባሱ መስመር፣ ዜማው፣ በየመካከሉ «የነፋስ አረፋ» እና «ደመና» የሚሉ ማስታወሻዎች። ወረቀቱን ለቢቢሲ ራዲዮፎኒክ ወርክሾፕ አስረከበ። ወርክሾፑ በ1958 የተቋቋመ፣ ያልተለመዱ ድምፆችን የሚፈጥር፣ ለንደን ውስጥ በሜይዳ ቬል ስቱዲዮ የነበረ ክፍል ነው።

ወረቀቱ የደረሳት ዴሊያ ደርቢሻየር ያን ጊዜ 26 ዓመቷ ነበር። ካምብሪጅ ሒሳብና ሙዚቃ አጥንታለች። ቀደም ሲል አንድ ትልቅ የሙዚቃ ሸክላ አሳታሚ ኩባንያ ሥራ ስትጠይቀው «በቀረጻ ክፍል ሴት አንቀጥርም» ብሎ መልሷት ነበር።

«ነፋስ» የሚል ቁልፍ ተጭኖ ነፋስ ማውጣት ለለመደ ሰው የዚያን ጊዜ ሥራ ማስረዳት ይከብዳል። ከገበያ የሚገዛ ሲንተሳይዘር፣ ድምፅን በኤሌክትሪክ የሚፈጥረው መሣሪያ፣ አልነበረም። ለባሱ የአንዲት ክር ድምፅ ተቀረጸ፤ ቴፑን በማፍጠንና በማዘግየት ከዚያች አንዲት ድምፅ የሚፈለገው ኖታ ሁሉ ወጣ። ለዜማው ደግሞ ኦሲሌተሮችን፣ ማለትም ሌላ መሣሪያ ለመፈተሽ የተሠሩ ወጥ ድምፅ የሚያወጡ ማሽኖችን፣ በእጅ እያዞሩ ቃናውን ፈለጉ። ደመናውና ነፋሱ የመጡት ሬዲዮ ጣቢያ ሲያጣ የሚያሰማውን ዓይነት ሹሹታ በማጣራት ነው። የኖታው ቆይታ የሚለካው በቴፑ ርዝመት ነበርና እያንዳንዷ ኖታ በምላጭ ተቆርጣ ከቀጣዩዋ ጋር ተጣበቀች። ብዙ ድምፅ በአንድ ጊዜ የሚይዝ መቅረጫ ስላልነበራቸው በየቴፑ የተዘጋጁትን ክፍሎች በየማሽኑ ጭነው በአንድ ቅጽበት ማስነሳት ነበረባቸው። ረዳቷ ዲክ ሚልስ ሲያወራ እንደሰማነው፣ አንድ ጊዜ የሆነች ኖታ ቦታዋን ስታ አስቸገረች፤ ቴፖቹን በስቱዲዮው ረጅም ኮሪደር ላይ ጎን ለጎን ዘርግተው፣ ቅጥሎቹን እያስተያዩ ጥፋቱን አገኙት።

ግሬይነር ውጤቱን ሲሰማ «ይህን የጻፍሁት እኔ ነኝ?» ብሎ ጠየቃት ይባላል። «አብዛኛውን» አለችው። እኔ እሷን ብሆን እንዲህ በለዘበ አፍ አልመልስም ነበር።

የሰውዬውን ደግነት መመስከር ግን ይገባል። ዴሊያ የሥራው ተካፋይ ናትና ዜማው በተሰማ ቁጥር ለደራሲው ከሚከፈለው ሮያሊቲ ግማሹ ይሰጣት ብሎ ጠየቀ። ቢቢሲ አልፈቀደም። የወርክሾፑ ሠራተኞች ደመወዝተኞች ናቸው፤ በስማቸው አይጠሩም፤ ደንቡ እንዲህ ነበር። ስለዚህ ስክሪኑ ላይ የወጣው የግሬይነርና የወርክሾፑ ስም ነው። የመጀመሪያው ክፍል በኅዳር 1963 ተላለፈ። ዴሊያ በ1973 ቢቢሲን ለቀቀች፣ በ2001 አረፈች። ስሟ በድራማው ላይ ስለ መክፈቻው ዜማ የተጻፈው በ2013፣ የ50ኛ ዓመቱ ልዩ ዝግጅት ላይ ነው። ያን ጊዜ ግሬይነር ራሱ ከሞተ 32 ዓመት ሆኖት ነበር።

አያችሁ፣ እዚህ ታሪክ ውስጥ ሌባ የለም። ዜማ ደራሲው ሊያካፍል ፈልጓል፤ አቀናባሪዋ ድርሻዋን ታውቃለች፤ በሁለቱ መካከል ጠብ አልነበረም። የጠፋው ከሥራው በፊት የተጻፈ ወረቀት ነው። አባቶቻችን «በቃል ያለ ይረሳል፣ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል» ያሉት ለዚህ ዓይነቱ ነገር ነው። በካሴት ዘመን ቢያንስ ልባሱ ላይ «ግጥም እገሌ፣ ዜማ እገሌ፣ ቅንብር እገሌ» ይባል ነበር፤ ዛሬ በስልክ የሚደመጠው ሙዚቃ ያን እንኳ ይዘነጋል። በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996፣ ይህኛው በእኛ አቆጣጠር ነው፣ ከዜማ ደራሲው ሌላ ከዋኞችን (ሥራውን የሚጫወቱትንና የሚዘፍኑትን) እና የድምፅ ሪከርዲንግ ፕሮዲውሰሮችንም ያስባል። አንብቡት። ከዚያ አንዲት ገጽ ወረቀት ላይ ማን ምን እንደሠራ፣ ስሙ እንዴት እንደሚጻፍ፣ ገንዘብ ቢመጣ ድርሻው ስንት እንደሆነ ጽፋችሁ ፈርሙ። ይህን የምታደርጉት ሥራው ገና አንድ ብር ሳያስገኝ፣ ሻይ አብራችሁ እየጠጣችሁ ሳለ ነው። ብር ከመጣ በኋላ ጸሐፊ አይገኝም።

ስለ ግሬይነር አንድ ነገር ልጨምር። በ1967 «ዘ ፕሪዝነር» ለተባለው ተከታታይ ሮበርት ፋርኖንና ዊልፍሬድ ጆሴፍስ ተራ በተራ ዜማ ጻፉ፤ የሁለቱም ተመለሰ። ሦስተኛው ግሬይነር ነው። የእሱም የመጀመሪያ ረቂቅ ዝግ ያለ ነው ተብሎ እንዲያፈጥነውና እንዲያበረታው ተጠየቀ፤ አደረገው፤ ያ የምንሰማው ነው። ሥራቸው የተመለሰባቸው ሁለቱ የተናቁ ሰዎች አልነበሩም። «አስተካክል» ሲባል ስልኩን የሚዘጋ ወጣት ሲገጥመኝ ይህን እነግረዋለሁ። ሲሰማኝ ግን አላየሁም።

ከሥራዎቹ መጀመር የምትፈልጉ ከሆነ «ዘ ኦሜጋ ማን» ለተባለው የ1971 ፊልም የጻፈውን ፈልጉ፤ ሕዝቡ አልቆባት ባዶ በቀረች ሎስ አንጀለስ ስለሚኖር ሰው ነው። መጀመሪያ ሙዚቃውን ያለ ሥዕሉ አድምጡ፣ ቀጥሎ ፊልሙን ተመልከቱ። ሙዚቃው ዝም ያለባቸውን ቦታዎችም በወረቀት መዝግባችሁ ያዙ።