አይዛክ ሄይስ ሙዚቃን ትቶ ነበርን?

ጥያቄ፦ አባቴ በወጣትነታቸው አሥመራ ይኖሩ ስለነበር ከቃኘው ጣቢያ ራዲዮ የሰሙትን የሶል ሙዚቃ እስከ ዛሬ አልረሱትም። በቅርቡ አንድ የቆየ የአሜሪካ ፊልም አብረን ስናይ፣ የወንጀለኞች አለቃ ሆኖ የሚጫወተውን ሰው ገና ሲያዩት «ይህ አይዛክ ሄይስ ነው፤ ኦስካር የተሸለመው ዘፋኝ» አሉኝ። ያን ያህል የገነነ ሰው በሌሎች ፊልም ውስጥ ረዳት ተዋናይ ሆኖ መታየቱ ገረመኝ። ድምፁ ተበላሽቶ ነው ወይስ ሙዚቃ ሰልችቶት? ሥራዎቹን ለመስማትስ ከየት ልጀምር? (አንድ አንባቢ፣ ከአዳማ)

መልስ፦ አባትዎ አልተሳሳቱም። በ1981 በወጣው የጆን ካርፔንተር ፊልም ውስጥ፣ ከተማዋ በሙሉ እስር ቤት በሆነችው ኒውዮርክ የሚነግሠውና የአዳራሽ ጣሪያ ላይ የሚሰቀል ዓይነት ክሪስታል መብራት ከፊት በተተከለበት ካዲላክ የሚዘዋወረው አለቃ ሄይስ ነው። ድምፁ አልተበላሸም፤ ሙዚቃም አልሰለቸውም። ምክንያቱ ያለው የዘፈኖቹ ባለመብት ማን ነው በሚለው ጥያቄ ውስጥ ስለሆነ ከመነሻው ማስረዳት ያስፈልጋል። (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ሄይስ በ1942 በቴነሲ ግዛት በኮቪንግተን ተወለደ፤ አያቶቹ አሳደጉት፤ በልጅነቱም ጥጥ ለቅሟል። በ1960ዎቹ አጋማሽ ሜምፊስ ከሚገኘው ስታክስ የሙዚቃ አሳታሚ ድርጅት የገባው በዘፋኝነት ሳይሆን በኪቦርድ ተጫዋችነት ነበር። የድርጅቱ ዋና ኪቦርዲስት ቡከር ቲ ጆንስ ለትምህርት ወደ ኢንዲያና ዩኒቨርሲቲ ሲሄድ የእርሱን ቦታ ይሸፍን ነበር። ቆይቶም ከዴቪድ ፖርተር ጋር ተጣምሮ ለሌሎች ድምፃውያን፣ በተለይም ለሳም እና ዴቭ፣ ግጥምና ዜማ ይሠራ ጀመር፤ በዘመኑ ከተወደዱት የሶል ዘፈኖች በርካታዎቹ የእነዚህ የሁለቱ ሥራ ናቸው።

ከዚያ በኋላ የመጣው ነገር ሁሉ ከአንድ ውል ጋር የተያያዘ ነው። የስታክስ ታላቅ ድምፃዊ ኦቲስ ሬዲንግ በታኅሣሥ 1967 በአውሮፕላን አደጋ ሞተ፤ በማግሥቱ ዓመት ደግሞ ድርጅቱ ሥራዎቹን ያከፋፍልለት ከነበረው አትላንቲክ ከተባለ የሙዚቃ ኩባንያ ጋር በነበረው ውል ሳቢያ እስከዚያ ያሳተማቸውን ሥራዎች ባለቤትነት አጣ። የድርጅቱ ኃላፊ አል ቤል ባዶውን መደርደሪያ ለመሙላት በ1969 አጋማሽ 27 አልበሞች በአንድ ጊዜ እንዲወጡ አዘዘ። በዚህ ጥድፊያ መካከል ሄይስ የፈለገውን እንዲሠራ ተፈቀደለትና አራት ዘፈኖችን ብቻ የያዘ «ሆት በተርድ ሶል» የተሰኘ አልበም ይዞ ቀረበ። አንደኛው ከ18 ደቂቃ በላይ የሚወስድ ሲሆን፣ ኦርጋኑ አንድ ድምፅ ይዞ ሳይለቅ ሄይስ በዝግታ ታሪኩን ያወራል፤ ዜማው የሚጀምረው አድማጩ የባለታሪኩን ችግር ከነዝርዝሩ ካወቀ በኋላ ነው። የሦስት ደቂቃ ዘፈን በነገሠበት ዘመን ይህ ትልቅ ድፍረት ነበር፤ እኔ በበኩሌ ከኦስካሩም በላይ የማከብርለት ሥራ ይኸው ነው።

ወደ ፊልም ያስገባው በ1971 የወጣው «ሻፍት» ነው። ሄይስ እንደተናገረው፣ የማጀቢያ ሙዚቃውን ለመሥራት የተስማማው ለመሪ ተዋናይነት እንደሚፈተን ቃል ተገብቶለት ነበር፤ ሚናው ግን ለሪቻርድ ራውንድትሪ ተሰጠ። ሄይስ ቃሉን አላጠፈም። የመግቢያው ዘፈን በድራሙ ጸናጽል ፈጣን ምት ይነሣል፤ «ዋ ዋ» የሚል ድምፅ የሚያሰማ ኤሌክትሪክ ጊታር ይቀበለዋል፤ ነሐስና ክሩ የሙዚቃ መሣሪያ ሁሉ እየተደራረበ ይቀጥላል፤ የዘፋኙ ድምፅ የሚሰማው ከሁለት ደቂቃ በላይ ካለፈ በኋላ ነው። በ1972 በዚህ ዘፈን ኦስካር ሲሸለም በምርጥ ዘፈን ዘርፍ የመጀመሪያው ጥቁር አሜሪካዊ ባለሽልማት ሆነ፤ ወደ ሥነ ሥርዓቱ ይዟቸው የሄደውም ያሳደጉትን አያቱን ነበር።

ትወናን የተመኘው እንግዲህ ገና ሀብታም ሳለ ነው፤ በ1974ም መሪ ተዋናይም የሙዚቃው ደራሲም የሆነበት ፊልም ሠርቷል። ነገር ግን በዚያው ዓመት ያልተከፈለውን ገንዘብ ለማስመለስ ስታክስን ከሰሰ። ድርጅቱ ራሱ ዕዳ ውስጥ ተዘፍቆ ስለነበር መክፈል አቃተው፤ ብዙም ሳይቆይ ከሰረ። ሄይስም በ1976 ከ6 ሚሊዮን ዶላር በላይ ዕዳ ይዞ መክሰሩን አስታወቀ። ጉዳዩ በ1977 ሲቋጭ ቤቱን ብቻ ሳይሆን፣ እስከዚያ ከደረሳቸው፣ ካቀናበራቸውና ከዘፈናቸው ሥራዎች ወደፊት የሚያገኘውን የባለመብትነት ክፍያም አጥቶ ነበር። ሬዲዮ ጣቢያዎች ዘፈኖቹን በየቀኑ ሲያሰሙ ለእርሱ የሚደርሰው ነገር አልነበረም ማለት ነው። ይህ ለአንድ ደራሲ ከባድ በደል እንደሆነ አምናለሁ።

ከዚህ በኋላ የፊልምና የቴሌቪዥን ሥራ እንጀራው ሆነ። አልበም ማውጣቱን ባያቋርጥም፣ በ«ሮክፎርድ ፋይልስ» ተከታታይ ድራማ ከእስር የወጣ ኃይለኛ ሰው ሆኖ ደጋግሞ ታየ፤ እርስዎ ያዩት ፊልምም የመጣው በዚህ ወቅት ነው። ከ1997 እስከ 2006 ደግሞ በ«ሳውዝ ፓርክ» የካርቱን ፊልም የትምህርት ቤት ወጥ ቤት ሠራተኛ የሆነውን ገጸ ባሕርይ በድምፁ ተጫውቶ ከአዲስ ትውልድ ጋር ተዋወቀ። በ2006 መጀመሪያ በስትሮክ ታመመ፤ ከጥቂት ሳምንታት በኋላም ከፊልሙ መልቀቁ ተነገረ። ልጁ ኋላ እንደተናገረው ውሳኔው የአባቱ ሳይሆን በዙሪያው የነበሩ ሰዎች ነው። ሄይስ በነሐሴ 2008 በ65 ዓመቱ ሲያርፍ፣ ራሱን ሆኖ የታየበት የመጨረሻ ፊልሙ ገና ለእይታ አልበቃም ነበር።

ለማዳመጥ ከ1969ኙ «ሆት በተርድ ሶል» ይጀምሩ፤ ረዥሙን ዘፈን ሳያቋርጡ እስከ መጨረሻው ይስሙት። ቀጥሎ የ«ሻፍት»ን ማጀቢያ በሙሉ ይስሙ፤ ከታወቀው መግቢያ ባሻገር ያሉት ያለ ድምፃዊ የተሠሩ ሙዚቃዎች አቀናባሪነቱን በደንብ ያሳያሉ። ከፖርተር ጋር ለሳም እና ዴቭ የደረሷቸውን ግን ከአባትዎ ጋር ቢሰሟቸው መልካም ነው፤ አንዳንዶቹን ከቃኘው ራዲዮ የሚያስታውሷቸው ይመስለኛል።